በገመዴ ጫፍ ላይ የነበረው ሰው

ለበቀል ብዬ ያደረግሁትን ሁሉ አንድ በአንድ አስታውሳለሁ። የሠርጌን ቀን እንኳ እንደዚያ አጥርቼ አላስታውስም። ሰዎች ገደል በመውጣት የመጀመሪያዋ ሐበሻ ሴት እያሉ ሲያስተዋውቁኝ፣ ለተራራና ለገደል የምሰፋቸውን ልብሶች ሲያወድሱ፣ ትዕግሥት፣ ጽናት፣ ራእይ የሚሉ ቃላት ያበዛሉ። አላርማቸውም። እውነቱን ለመናገር ግን በእነዚያ ዓመታት ጠዋት ጠዋት ከአልጋ ያስነሳኝ የነበረው ቂም ነው። አንድ ሰውዬ ላይ የያዝኩት ቂም።

ናይሮቢ የገባሁት መንግሥት በተለወጠ ማግስት ነው። አዲስ አበባ ሳለሁ የወታደር ልብስ፣ ሻንጣና ድንኳን በሚሰፋ ፋብሪካ ሰባት ዓመት ሠርቻለሁ። ሠራዊቱ ሲበተን ፋብሪካውም ፀጥ አለ። ወንድሜ ወታደር ስለነበር እኔም ቤት መቀመጥ ፈራሁ። በሞያሌ በኩል አድርጌ የናይሮቢው ኢስትሊ ሰፈር ስደርስ የያዝኩት አንድ ትልቅ መቀስና ሁለት ቅያሪ ልብስ ብቻ ነበር። አልጋ የሚያከራዩ አንዲት በዕድሜ የገፉ ኢትዮጵያዊት ተቀበሉኝ። ሁላችንም እትዬ እንላቸዋለን። እሁድ እሁድ አብረን ጸሎት ቤት እንሄዳለን፤ በሌላው ቀን ከሕንፃው ደረጃ ሥር ባስቀመጡልኝ አሮጌ የስፌት መኪና የመጣልኝን ሁሉ እሰፋለሁ። የሶማሌ ሱቆች መጋረጃ ያመጣሉ፣ ማታቱ የሚባሉት ሚኒባሶች ሾፌሮች የወንበር ልብስ ያመጣሉ፣ እናቶች የተቀደደ ዩኒፎርም ያመጣሉ።

ምዋሊሙ ያገኘችኝ እዚያ ደረጃ ሥር ነው። ምዋሊሙ በስዋሂሊ አስተማሪ ማለት ነው፤ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ የምጠራት እንደዚያ ብዬ ነው። ከካምባ ብሔረሰብ ናት፣ ካሳራኒ አካባቢ በሚገኝ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ጂኦግራፊ ታስተምር ነበር። ማንገቻው የተበጠሰ የጀርባ ሻንጣ ይዛ መጣች። ሦስት ልብስ ሰፊዎች ሰፍተውት ሦስቴ ተበጥሷል። እኔ በፋብሪካ የለመድኩትን የድንኳን አሰፋፍ ሰፋሁላት። በሳምንቱ መጣችና ሻንጣውን ከደረጃው ብረት ላይ ሰቅላ፣ ሁለት እግሯን ከመሬት አንሥታ ተንጠለጠለችበት። አልተበጠሰም። ከወረደች በኋላ ቅዳሜ ምን እንደምሠራ ጠየቀችኝ። ገመድ የሚይዝላት ሰው ትፈልግ ነበር።

እንግሊዝኛዬ ያኔ የፋብሪካ እንግሊዝኛ ነው፤ ዕቃ የምትጭን መስሎኝ እሺ አልኳት።

ሉኬኒያ ከናይሮቢ በሞምባሳ መንገድ ወጣ ብሎ ያለ ኮረብታ ነው። ማታቱው ከዋናው መንገድ ላይ ጥሎን ሄደ፤ አቧራውን እየጠጣን በእግር ተጓዝን። ከኮረብታው ወገብ ላይ እንደ ግድግዳ ቀጥ ያለ ግራጫ አለት አለ። ምዋሊሙ ወገብና ጭን የሚያቅፍ መታጠቂያ አስታጠቀችኝ፣ ገመዱን በብረት ቀለበት አሳልፋ በእጄ አስያዘችኝ፣ ከዚያ ጫማዋን አውልቃ የድመት መዳፍ የመሰለ ጠባብ ጫማ አጥልቃ ግድግዳውን ወጣችው። አፌን ከፍቼ ቀረሁ። አንዲት ያለማንም ረዳት፣ ያለ ባል፣ ያለ አለቃ፣ በጣቷ ብቻ ወደ ላይ የምትሄድ ሴት ከዚያ በፊት አይቼ አላውቅም።

በሦስተኛው ቅዳሜ ተራው የእኔ ሆነ። የወንድሟን ሱሪ አዋሰችኝ። ግማሽ መንገድ ላይ ግራ እግሬን እስከ ደረቴ ማንሣት ነበረብኝ፤ ሳነሣ ሱሪው ከመሀል እስከ ጉልበቴ ተተረተረ። ከሥር የነበሩት ወንዶች ሳቁ። ፊቴ ነደደ፤ ነገር ግን መውረድ ከመውጣት ይልቅ ወደ እነሱ የሚያቀርበኝ ስለሆነ ወጣሁ። ጫፍ ላይ ተቀምጬ ቁልቁል ሳይ የሜዳ አህዮች በሜዳው ላይ እንደ ተበተነ ቁልፍ ታዩኝ። በዚያው ሳምንት የማይተረተር ሱሪ መንደፍ ጀመርኩ።

ብዙ ቀደድኩ፣ ብዙ ጣልኩ። በመጨረሻ ሁለቱ እግሮች የሚገናኙበት ቦታ ላይ አራት ማዕዘን ቁራጭ ጨርቅ አስገባሁ፤ እግር የፈለገውን ያህል ቢነሣ ስፌቱ አይወጠርም። ወገቡን ከመታጠቂያው ሥር እንዳያብጥ አሳሳሁት፣ ጉልበቱን ድርብ አደረግሁት። ቀጥሎ ክንድ ሲነሣ ከወገብ የማይሸሽ የንፋስ ጃኬት ሠራሁ። ልካቸውን ሁሉ ከሱቅ ካርቶን ቆርጬ በእርሳስ ምልክት አደረግሁባቸው። በሉኬኒያ አለት ላይ ራሱ ብርቱካናማ፣ ገላው ሰማያዊ የሆነ እንሽላሊት አለ፤ ከሰው ሁሉ በላይ ወጥቶ ፀሐይ ይሞቃል። እሱን በክር እየጠለፍኩ በእያንዳንዱ ሱሪ የኋላ ኪስ ላይ አሳረፍኩት። መጀመሪያ ምዋሊሙ ለበሰች፣ ከዚያ የሳቁብኝ ወንዶች እየመጡ ልካቸውን አስወሰዱ። አለቱ ላይ ስሜ "ምጁሲ" ሆነ፤ እንሽላሊት ማለት ነው። በሁለተኛው ዓመት እኔና ምዋሊሙ ማንም ያልሞከረውን አንድ ረጅም የአለት ሰንጣቃ፣ እኔ ከፊት ሆኜ፣ ወጣነው። ጣቶቼ ደምተው ለሁለት ቀን መርፌ መያዝ አቃተኝ። እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ሰውዬው የመጣው በዚያ ሰሞን ነው። ኢትዮጵያዊ ነው፣ ላቪንግተን በሚባለው የሀብታም ሰፈር ለቱሪስት የሳፋሪ ልብስና ድንኳን የሚሸጥ ሱቅ ነበረው። ከደንበኞቹ አንዱ የእኔን ሱሪ ለብሶ አይቶ አጠያይቆ ኢስትሊ ድረስ መጣ። ደረጃው ሥር ጎንበስ ብሎ ገብቶ፣ ሱሪውን ገልብጦ ስፌቱን በጣቱ እየዳሰሰ ተመለከተው። እኔ ጋሼ እያልኩ አንቱ አልኩት፤ እሱ የኔ እህት አለኝ። ከሱቁ ጀርባ ሰፊ ክፍል እንዳለው፣ አዳዲስ የስፌት መኪናዎች እንደሚያስገባ፣ አራት ሰፊዎች በሥሬ እንደሚሆኑ ነገረኝ። እንሽላሊቱም የእኔ እንደሆነ ይቀጥላል አለ። እትዬ ጸለዩበትና ሂጂ አሉኝ። ሄድኩ።

አንድ ዓመት ያህል መልካም ነበር፤ ይህን አልክድም። ደመወዜን በወቅቱ እቀበላለሁ። ጥሩ ጨርቅ ያመጣል። ሚስቱ ሱቁ ውስጥ ትቆማለች፣ ዝምተኛ ናት፣ ምሳ ሲደርስ ለእኔም ከቤቷ ሳህን ትልክልኛለች። ሰኞ ሰኞ ጠዋት እሱ ወንበር ስቦ አጠገቤ ይቀመጥና ቅዳሜ ምን እንደወጣሁ ይጠይቀኛል። የት ላይ እንደፈራሁ፣ እጄ የት እንደያዘ፣ ንፋሱ ጃኬቱን ምን እንዳደረገው፣ ከላይ ሆኜ ምን እንዳየሁ። አባቴ በልጅነቴ ስለሞተ እንደዚያ አድርጎ የሚያዳምጠኝ ትልቅ ሰው አልነበረኝም። ሁሉንም ነገርኩት። ሜዳ አህዮቹ የተበተነ ቁልፍ እንደሚመስሉ ሳይቀር ነገርኩት።

አንድ ቀን ምዋሊሙ ጋዜጣ ይዛ መጣች፤ ፊቷ ጥሩ አልነበረም። ግማሽ ገጽ ስለ እሱ ተጽፏል። በፎቶግራፉ ላይ መታጠቂያ ታጥቆ ከአለት ሥር ቆሟል፤ መታጠቂያውን ያጠለቀው ገልብጦ ነው። ከሥሩ ያለውን ምዋሊሙ ቀስ ብላ አነበበችልኝ። ሱሪውን የነደፈው ረጅሙ ሰንጣቃ ላይ ጣቶቹ በደሙበት ቀን እንደሆነ ተናግሯል። እያንዳንዱን ልብስ ገበያ ከመውጣቱ በፊት እሱ ራሱ ገደል ላይ እንደሚፈትነው ተናግሯል። ከላይ ሆኖ ሲያይ የሜዳ አህዮች እንደ ተበተነ ቁልፍ ይታዩኛል ብሏል።

የተሰረቀ ነገር አይቻለሁ፤ ፋብሪካ ውስጥ ክር ይሰረቅ ነበር፣ ኢስትሊ ውስጥ መቀሴ ሁለቴ ተሰርቋል። የራሴን ዓይን ሰው ሲሰርቀኝ ግን የመጀመሪያዬ ነበር።

በማግስቱ ጠየቅሁት። ያኔም አንቱ ብዬ ነው የጠየቅሁት። ሳቀና የንግድ ወሬ ነው፣ ፈረንጅ ታሪክ ሳይሰማ ልብስ አይገዛም አለኝ። እንግዲያው እንሽላሊቱ የንግድ ምልክት ሆኖ በስሜ ይመዝገብልኝ አልኩት። እናያለን አለ። በኋላ እንደተረዳሁት፣ ያን ጊዜ በራሱ ስም ካስመዘገበው ወር አልፎት ነበር።

ሐሙስ ዕለት ሁለት ፖሊሶች ወደ ስፌት ክፍሉ ገቡ። ከእኔ ጋር የሚሠሩት አራት ሰፊዎች ነበሩ፤ ከእነሱ ሁለቱ እንደ እኔው ስደተኞች ናቸው፣ ወረቀታቸውም እንደ እኔው ገና አላለቀም። ፖሊሶቹ አራቱንም አልፈው በቀጥታ ወደ እኔ ጠረጴዛ መጡ። ወረቀት ጠየቁኝ። ያለኝን የቀጠሮ ደብዳቤ አሳየሁ፤ ቀኑ አልፎበታል። መቀሴን እንኳ ሳላስቀምጥ ወሰዱኝ።

ዘጠኝ ቀን ታሰርኩ። ስለ ክፍሉ ብዙ አላወራም። ስድስት ሴቶች ነበርን፣ ተራ በተራ እንተኛለን። በስድስተኛው ቀን እኔና ምዋሊሙ ከሌሎች ገደል ወጪዎች ጋር ወደ ኬንያ ተራራ፣ ወደ ዋናው የድንጋይ ጫፍ እንድንሄድ ቀጠሮ ይዘን ነበር። ለዚያ ጉዞ ስምንት ወር ተለማምደናል። ያን ቀን ጠዋት ከክፍሉ ግድግዳ ጋር ተጣብቄ ቆሜ፣ ሌሎቹ በዚህ ሰዓት የት ደርሰው ይሆን እያልኩ ልቤ ተቃጠለ። ምዋሊሙ ግን አልሄደችም ነበር፤ በየጣቢያው እየዞረች እኔን ትፈልግ ነበር። ካገኘችኝ በኋላ ከስደተኞች ጉዳይ ቢሮ ደብዳቤ አጽፋ አስፈታችኝ።

ከእስር ወጥቼ ቀጥታ ላቪንግተን ሄድኩ። ዘበኛው በሩን አልከፈተልኝም። ሽማግሌ ሰው ነው፣ አይኔን ማየት ከበደው። እንዳላስገባሽ ታዝዣለሁ አለ። ቀጥሎ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ያን ሐሙስ ጠዋት ጌታው እዚህ በር ላይ ቆመው ፖሊሶቹን ሲጠብቁ ነበር አለኝ። የካርቶን ልኮቼ ሁሉ ውስጥ ቀሩ።

ካሳራኒ፣ ከምዋሊሙ ቤት አጠገብ ባለች አንዲት ክፍል ገባሁ። የኪራይ ስፌት መኪና ተከልኩ። ልኮቼን ከራሴ አውጥቼ በጠመኔ ወለሉ ላይ ሣልኳቸው፤ አንዱም አልጠፋኝም። እየሣልኩ ምን እንደማደርገው አስብ ነበር። ሱቁን ማቃጠል አሰብኩ። ሚስቱ ፊት ማዋረድ አሰብኩ። እሁድ ጸሎት ቤት ተንበርክኬ ሁሉም ለእኔ የሚጸልዩልኝ መስሏቸው እጃቸውን ሲጭኑብኝ፣ እኔ እግዚአብሔርን ሰውዬውን አሳልፈህ ስጠኝ እለው ነበር።

የመጀመሪያውን የበቀል መንገድ ያገኘሁት ከእሱ ስስት ነው። እኔ ከሄድኩ በኋላ ወፍራሙን የናይሎን ክር ትቶ ተራ ክር አስገባ፤ ድርቡንም ስፌት ወደ አንድ አወረደው። በሦስተኛው ወር ሱሪዎቹ አለት ላይ መተርተር ጀመሩ። እኔ ቅዳሜ ቅዳሜ ሉኬኒያ ከዛፍ ሥር መርፌና ክር ይዤ እቀመጣለሁ። የተቀደደ ሱሪ ላመጣ ሁሉ በነፃ፣ እንደገና እንዳይቀደድ አድርጌ እሰፋለሁ። አንድ ነገር ብቻ እጠይቃለሁ፤ ከኪሱ ላይ እንሽላሊቱን እንድፈታው። ማንም እምቢ አላለኝም። ክሩን በምላጭ እየፈታሁ በዱቄት ወተት ቆርቆሮ ውስጥ አጠራቅመው ነበር። ቆርቆሮው ሲሞላ ሌላ አመጣሁ። ለምን እንደሚፈታ የጠየቀኝን ሰው ሁሉ ቁጭ አድርጌ አንድም ሳላስቀር ነገርኩት። የዝናቡ ወቅት ሳይገባ በአለቱ ላይ የእሱን ምልክት የለጠፈ ሰው አልቀረም። ከሰፊዎቹም ሁለቱ ወደ እኔ መጡ።

እሱ ይህን ሲሰማ ትልቅ ነገር አዘጋጀ። ጋዜጠኞች፣ የሆቴል ሰዎች፣ ደንበኞች ጠርቶ፣ ከውጭ የመጣ ጎበዝ ገደል ወጪ ቀጥሮ፣ ልብሶቹን በዚያው በሉኬኒያ ሊያሳይ አሰበ። ቀኑን ቅዳሜ አደረገው። ቅዳሜ የእኔ ቀን እንደሆነ ማንም አልነገረውም ይሆናል፤ ወይም ከእስር ወዲህ የምፈራው መስሎት ይሆናል።

እኔና ምዋሊሙ እንደወትሮው በማታቱ ሄድን። ስንደርስ ድንኳን ተተክሏል፣ ምግብ ተዘርግቷል፣ ሚስቱ ከመኪናው አጠገብ ለእንግዶች ሳህን ታድላለች። የተቀጠረው ገደል ወጪ ቀላሉን መንገድ ወጥቶ ተጨበጨበለት። ከዚያ እኔ፣ ማንንም ሳልጠይቅ፣ ምዋሊሙ ገመዴን ይዛልኝ፣ ረጅሙን ሰንጣቃ ወጣሁት። የወጣሁት በንዴት ነው፤ እግሬ የት እንደሚያርፍ እያወቅሁ ጣቴን ስንጥቁ ውስጥ እየከተትኩ አንዴም ሳልቆም ጨረስኩ። ስወርድ አንዲት ጋዜጠኛ ማን እንደሆንኩ ጠየቀች። ከጥንት ጀምሮ እዚያ የሚወጡ አንድ ሽማግሌ፣ ይህን መስመር የከፈተችው እሷ ናት፣ እነዚያን ሱሪዎችም የነደፈቻቸው እሷ ናት አሏት።

ሰውዬው ሰምቷል። በእንግሊዝኛ፣ ፈገግ ብሎ፣ የእኔ ልብስ ሰፊ ነበረች አላቸው።

እኔም በእንግሊዝኛ መለስኩ። ጋዜጣ ላይ እያንዳንዱን ሱሪ ራሴ ገደል ላይ እፈትነዋለሁ ብለዋልና አሁን ይፈትኑልን፤ ገመዳቸውን እኔ እይዛለሁ አልኩ። እንግዶቹ ነገሩን የተሰናዳ መስሏቸው አጨበጨቡ። ጋዜጠኛዋ ካሜራዋን አነሣች። ሰውዬው ወደ መኪናው ተመለከተ፣ ወደ ሚስቱ ተመለከተ። ማምለጫ አልነበረውም። ሽማግሌው መታጠቂያውን አስተካክለው አጠበቁለት፣ ቋጠሮውን ሁለቴ ፈተሹ። ገመዱ ከላይ ከተተከለው ብረት ወርዶ እኔ ወገብ ላይ ደርሷል። ምዋሊሙ በጆሮዬ ተዪው አለችኝ። ገመዱን ወጠርኩት።

የመጀመሪያው ክፍል እንደ ደረጃ ነው፤ ማንም ይወጣዋል። ሁለት ፎቅ ቤት የሚያህል ከፍታ ላይ ግን አለቱ እንደ ሆድ ወደ ውጭ ይነፋል፤ እዚያ የያዙትን ለቀው ሌላ ያልታየ ነገር መያዝ ግድ ነው። እሱ እዚያ ቆመ። ደረቱን አለቱ ላይ ለጥፎ አይኑን ጨፈነ። ከታች ያሉት ሳቅ ሲሉ፣ ቀስ በቀስም ወደ ምግቡ ሲመለሱ ሰማሁ።

"የኔ እህት፣ አውርጂኝ" አለ በአማርኛ።

ገመዱን ጠበቅ አደረግሁት፤ መውደቅ አይችልም፣ መውረድም አይችልም። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ አንተ አልኩት።

"ፖሊስ የጠራኸው አንተ ነህ?"

ስለ ምን እንደማወራ እንደማያውቅ፣ ራሱ እየዞረበት እንደሆነ፣ ልጆች እንዳሉት ነገረኝ።

"እኔ አልቸኩልም" አልኩት።

ምን ያህል እንደቆየን አላውቅም። እጄ አልደከመኝም። ፀሐይ አናቱ ላይ ነበረች፣ ላብ ሸሚዙን ከጀርባው ጋር አጣብቆታል፣ እኔ የነደፍኩት ሱሪ ጉልበቱ ላይ እየተንቀጠቀጠ ነው። ዘጠኙን ቀን አንድ በአንድ አሰብኳቸው። በእያንዳንዱ ቀን ገመዱን ትንሽ ልቀቂው የሚል ነገር ከሆዴ ይነሣል፤ ትንሽ፣ አንድ ክንድ ብቻ፣ ሆዱ ወደ አፉ እስኪመጣ። አልለቀቅሁም። ግን አላወረድኩትም።

"አዎ። እኔ ነኝ" አለ በመጨረሻ፤ ድምፁ የሕፃን ሆኖ። "እኔ ነኝ የጠራኋቸው። በእግዚአብሔር ስም አውርጂኝ።"

እንደ እንቁላል ተጠንቅቄ አወረድኩት። መሬት ሲነካ ተቀመጠ። የጋዜጠኛዋ ፎቶግራፍ በሚቀጥለው ሳምንት ወጣ፤ ዓይኑን ጨፍኖ አለት ያቀፈ ሰው። ያንን ገጽ ምን ያህል ጊዜ እንዳየሁት ብነግራችሁ ታፍሩብኛላችሁ።

ከዚያ በኋላ ሽማግሌ ላከብኝ። ከእሱ ደብር አንድ ቄስ፣ ከእኔ ጸሎት ቤት አንድ ሽማግሌ፤ ቦታው የእትዬ ሳሎን፣ እሁድ ከሰዓት። እሱ ከሚስቱ ጋር መጣ። ሽማግሌዎቹ በስደት አገር አበሻ ለአበሻ እንዲህ መሆን እንደሌለበት፣ ወሬው በሆቴሉና በሱቁ ሁሉ እንደተዛመተ፣ ይቅርታ ለሁለታችንም እንደሚበጅ ተናገሩ። ካሳ እንዲሰጠኝም ሐሳብ አቀረቡ። ካሳ አልፈልግም አልኩ። ሦስት ነገር እንዲያምን ነው የምፈልገው፤ ልብሶቹ የእኔ ንድፍ መሆናቸውን፣ እንሽላሊቱ የእኔ መሆኑን፣ ያሳሰረኝ እሱ መሆኑን። ሁለቱን አመነ። ሦስተኛውን ሲደርስ ቀጥ ብሎ ተቀመጠና፣ እግዜር ምስክሬ ነው፣ ፖሊስ የሚባል አልጠራሁም አለ።

አለት ላይ ሆኖ የነገረኝን ተናገርኩ። የእኔው ሽማግሌ ጉሮሯቸውን ጠራርገው፣ ሰው ገደል ላይ ተንጠልጥሎ የሚናገረው ነገር እንደ እምነት ቃል ይቆጠራል ወይ ብለው ጠየቁ። ጥያቄያቸው ተገቢ ነበር፤ ያኔ ግን ልሰማው አልቻልኩም። ልነሣ ስል ከበሩ አጠገብ ተቀምጣ የነጠላዋን ጫፍ ስትፈትል የነበረችው ሚስቱ ተናገረች።

"እኔም ከታች ነበርኩ፤ ሰምቻለሁ" አለች። "ያን ሐሙስ ጠዋትም ስልክ ሲደውል ሰምቻለሁ። ለማን እንደሆነ አልጠየቅሁትም። መጠየቅ ነበረብኝ።"

ሰውዬው ወደ ሚስቱ ዞረ፤ እሷ ግን የምታየው እኔን ነው። ምሳ ትልክልኝ በነበረበት ጊዜ እንኳ እንደዚያ አይታኝ አታውቅም። እሱም አንገቱን ደፍቶ አመነ። ቄሱ ተነሡ፤ ሁላችንም እንድንነሣ ምልክት ሰጡ። ትከሻ ለትከሻ እንድንሳሳም ጠበቁ። እኔ ቦርሳዬን አንሥቼ ሰምቻለሁ አልኩና ወጣሁ። እትዬ ለሁለት እሁድ አላናገሩኝም።

እንሽላሊቱ በወሩ በስሜ ዞረ። ጋዜጣው ላይም በአንድ ጥግ አራት መስመር ማስተካከያ ወጣ። የእሱ ሱቅ ዓመት አልቆየም፤ ከናይሮቢ ወጥቶ ሌላ ከተማ ሄደ። ባዶውን ሱቅ የተከራየሁት እኔ ነኝ። ካሳራኒ ወይም መሀል ከተማ የሚሻል ቦታ ነበር፤ እያወቅሁ ነው ያን የመረጥኩት። መጀመሪያ ያደረግሁት ሱቁንና የኋላውን ስፌት ክፍል የሚለየውን ግድግዳ ማስፈረስ ነበር። መዶሻውን የመጀመሪያዋን ጊዜ እኔ ራሴ አሳረፍኩ። ደስ አለኝ። ሌላ ቃል የለኝም፣ ደስ አለኝ።

ምዋሊሙ ግን ከዚያ ቅዳሜ በኋላ ሦስት ወር ከእኔ ጋር ገመድ አልታሰረችም። መጀመሪያ ሥራ በዛብኝ አለች፤ ቀጥሎ እውነቱን ነገረችኝ። ያደረገብሽን አውቃለሁ፣ በየጣቢያው የዞርኩት እኔ ነኝ አለች። ሱቁን ብትቀሚው፣ በጋዜጣ ብታዋርጂው አልቀየምሽም ነበር፤ ሰው ገመድሽን አምኖ ከታሰረ በኋላ ግን ገመዱን መጠየቂያ አደረግሽው፤ እኔ ከእንግዲህ ላንቺ ስታሰር እሱን አስባለሁ አለች። ተናደድኩባት። እሷ ዘጠኝ ቀን አልታሰረችም ብዬ አኮረፍኩ። ቅዳሜዎቹን ብቻዬን ከዛፉ ሥር ተቀምጬ አሳለፍኩ። በመጨረሻ ትምህርት ቤቷ ድረስ ሄድኩ። ልጆች በሚወጡበት ሰዓት በሩ ላይ ቆሜ ጠበቅኋትና ይቅርታ ጠየቅኋት። እሷን ነው የጠየቅሁት፣ እሱን አይደለም። በሚቀጥለው ደረቅ ወቅት የኬንያ ተራራን የድንጋይ ጫፍ አብረን ወጣን፤ የለበስነው ሁሉ እኔ የሰፋሁት ነበር። በጉዞው አራት ቀናት አንዴም ስለ ሰውዬው አላሰብኩም። ታች ወርደን የፓርኩ በር ላይ ስንደርስ አንድ ቱሪስት በዚያ በተራው ክር የተሰፋውን፣ እንሽላሊቱ ገና ያልተፈታውን ሱሪ ለብሶ አየሁ። ደሜ እንደገና ፈላ።

የዘጠናዎቹ መጨረሻ ላይ አንድ ቀን ሚስቱ፣ ለጉዳይ ናይሮቢ መጥታ፣ ሱቄ ገባች። ጠይም ፊቷ ከስቷል። ለሴት ልጇ የዝናብ ጃኬት ፈልጋ ነው፤ ልጅቷ ከትምህርት ቤቷ ጋር ወደ ተራራ ልትሄድ ነው። ዋጋ ልቀንስላት ስል እምቢ ብላ ሙሉውን ከፈለች። ግድግዳው የነበረበትን ቦታ አየት አደረገች። ስለ እሱ እንድጠይቃት የጠበቀች መሰለኝ፤ ጠየቅሁ። ወገቡን ታሟል፣ ከአልጋ እምብዛም አይነሣም አለች።

እግዜር ይማረው ማለት ነበረብኝ። ለማንም፣ ለማላውቀው ሰው እንኳ የምለው ቃል ነው። ያችን በሽማግሌ ፊት ለእኔ የመሰከረችልኝን ሴት ለማክበር ስል ብቻ ልለው አፌን ከፈትኩ። ቃሉ አልወጣም። እሷም ትንሽ ጠብቃ ገባት። ጃኬቱን አጣጥፌ ከረጢት ውስጥ ከተትኩ፤ ዚፑ እንዳይይዛት ልጅቷ ቀስ ብላ እንድትዘጋው ነገርኳትና ሰጠኋት።